ኡሩሴቭስኪ፦ ካሜራው ከእጅ ወደ እጅ ሲሄድ

ሀ፦ ዛሬ የሶቪየቱን የፊልም ካሜራማን ሰርጌይ ኡሩሴቭስኪን ይዘን መጥተናል። በ1908 ሴንት ፒተርስበርግ ተወለደ፣ በ1974 አረፈ። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆቹ ናቸው። ትምህርቱ ሥዕል ነበር፤ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ግንባር ላይ ካሜራማን ሆኖ ሠርቷል።

ለ፦ ስሙን የተከለው ግን ከዳይሬክተር ሚካኢል ካላቶዞቭ ጋር ነው። አብረው የሠሩት ፊልም «ሌትያት ዡራቭሊ» በ1958 በካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ ትልቁን ሽልማት፣ የወርቅ ዘንባባውን ወሰደ። እስቲ ከፊልሙ የደረጃ ትዕይንት እንጀምር።

ሀ፦ የፊልሙ ገጸ ባሕርይ ቦሪስ እየሮጠ የሚወጣበት?

ለ፦ አዎ። ደረጃው ዙሪያውን እየተጠማዘዘ ይወጣል፤ ካሜራው መሃል ላይ ሆኖ፣ እየዞረ አብሮት ሽቅብ ይነሣል። የሚነሣበትና የሚዞርበት ፍጥነት ከልጁ ሩጫ ጋር ካልገጠሙ ሾቱ (ሳይቋረጥ የሚነሣው ምስል) የለም። ማንሻው ከቀደመ ልጁ ከፍሬሙ (ከምስሉ ክልል) በታች ይቀራል፤ ዙሩ ከዘገየ በጎን ያመልጣል።

ሀ፦ ኋላ ጥይት ሲመታው ደግሞ ያው ደረጃ በሚሽከረከሩት የበርች ዛፎች ላይ ተደርቦ ይመለሳል።

ለ፦ ለዚህ ነው የካሜራውን እንቅስቃሴ «ጉራ ነው» ሲሉኝ የማልስማማው።

ሀ፦ ይቅርታሽን፣ ሁለቱ በሠሩት ሌላ ፊልም «እኔ ኩባ ነኝ» ላይ ግን ትንሽ ጉራ አለ! የ1964ቱ። የመዋኛ ገንዳው ሾት ምን ያስፈልግ ነበር?

ለ፦ እሱን ልተውልህ፤ የቀብሩን ግን አልሰጥህም። ካሜራው ከአስከሬኑ አጠገብ ተነሥቶ በሕንፃው ፊት ለፊት ሽቅብ ይወጣል፣ ሲጋራ የሚጠቀለልበት ክፍል ይገባል፣ በመስኮት ወጥቶ ከሕዝቡ በላይ ይንሳፈፋል። ከእጅ ወደ እጅ እየተቀባበሉት ነው፤ መጨረሻ ላይ መንገዱን አቋርጦ በተዘረጋ ገመድ ላይ ይሄዳል።

ሀ፦ በዚያ ሁሉ ቅብብል ፎከሱን (የምስሉን ጥራት) ማን ይይዘዋል?

ለ፦ ሚስጥሩ ሌንሱ ነው። ፊልሙን በአብዛኛው ያነሣው በጣም ሰፊ በሚያይ የ9.8 ሚሊሜትር ሌንስ ነው። ዳያፍራሙን፣ ማለትም የሌንሱን የብርሃን ቀዳዳ፣ 8 ላይ አድርገህ ፎከሱን ግማሽ ሜትር ላይ ብትተወው ከሩብ ሜትር እስከ አድማስ ጥርት ይላል። የእጅ መንቀጥቀጥም ብዙ አይታይም።

ሀ፦ ዋጋውንም እንንገራቸው። ፍሬሙ ጠርዝ ላይ የቆመ ሰው ፊቱ ይለጠጣል፤ ካሜራው ትንሽ ካዘነበለ አድማሱ ይወድቃል። መብራት የሚደበቅበት ቦታም የለም፣ የካሜራማኑ ጥላም ይገባል።

ለ፦ በዚሁ ፊልም የሚታዩት ነጫጮቹ ዘንባባዎችስ?

ሀ፦ የኢንፍራሬድ ፊልም ነው። ቅጠል ዓይናችን የማያየውን የኢንፍራሬድ ጨረር በብዛት ስለሚያንጸባርቅ ይነጣል፤ ሰማዩ ደግሞ ይጠቁራል። ቀይ ፊልተር ካላደረግሽ ግን ተራ ጥቁርና ነጭ ይመስላል። ሰማዩ ከደመነ የዘንባባውና የሰማዩ ልዩነት ይጠፋል።

ለ፦ ያ ጨረር ፎከሱን ያዛባ የለ? በረጅም ሌንስ ቢሆን ስንቱ ሾት ይበላሽ ነበር።

ሀ፦ በ9.8 ግን ጥርት ብሎ የሚታየው ጥልቀት ስህተቱን ይውጠዋል።

ለ፦ አየህ? ወደ ሌንሱ መለስከኝ።