ሊያተርፉ መጥተው ያተረፉልን

ጤና ይስጥልኝ፣ እንደምን አመሻችሁ።

አንድ የከባድ መኪና ሹፌር ስለ አሜሪካ የድሮ ሸክላ ሙዚቃ ታሪክ እንዲናገር መጋበዝ ድፍረት ይጠይቃል። አዘጋጆቹን ስለ ድፍረታቸው አመሰግናለሁ። እዚህ አዳራሽ ውስጥ ዕድሜያቸውን ሙሉ መሣሪያ ሲጫወቱ የኖሩ ሰዎች ተቀምጠዋል። ከሳትኩ ቡናው ላይ ያርሙኛል። አንድ ነገር ላስቀድም፤ ዛሬ የምጠራቸው ዓመታት በሙሉ በፈረንጅ ናቸው።

ይህቺን በእጄ የያዝኳትን ታውቋታላችሁ። የዘፈን ሸክላ ናት። ከመንገድ ዳር አሮጌ ዕቃ ቤት በ5 ዶላር ገዛኋት። ልጆቼ "ቫይነል" ይሏታል፣ ቫይነል ግን አይደለችም። ሼላክ ከሚባል፣ ከትንንሽ ነፍሳት ከሚገኝ ሙጫና ከደቀቀ ድንጋይ ነው የተሠራችው። ከባድ ናት። እህቷን አንድ ቀን ወጥ ቤት ወለል ላይ ጣልኳት። እንደ ምጣድ ነው የተሰነጠቀችው። ባለቤቴ ሰሃን የሰበርኩ መስሏት እየሮጠች መጣች። አባቶቻችን "ሸክላ" ማለታቸው ልክ ነበር። "ሼላክ" እና "ሸክላ" በድምፅም መቀራረባቸው ሁሌ ያስቀኛል።

በሥራዬ በኢንተርስቴት 81 ከቨርጂኒያ ወደ ቴነሲ እመላለሳለሁ። ከእናንተም መንገዱን የሚያውቅ ብዙ አለ። ተራራው በግራም በቀኝም አብሯችሁ ይጓዛል፣ የስልኩ ኔትወርክ ይቆራረጣል። በሁለቱ ግዛቶች ድንበር ላይ ብሪስቶል የምትባል ከተማ አለች። ዋናው ጎዳናዋ ስቴት ስትሪት ይባላል፤ ድንበሩ የሚያልፈው በጎዳናው መሀል ለመሀል ነው። አንድ እግር ቨርጂኒያ፣ አንድ እግር ቴነሲ አድርጎ መቆም ይቻላል። እኔም ቆሜያለሁ፣ ከኋላዬ ያለው መኪና ጡሩንባውን እስኪነፋብኝ ድረስ።

በዚያ ጎዳና ላይ በቴነሲ በኩል በአንድ ወቅት የኮፍያ ፋብሪካ የነበረ ሕንፃ ነበር። ሕንፃው ዛሬ የለም። በ1927፣ ከጁላይ 25 እስከ ኦገስት 5፣ ራልፍ ፒር የሚባል ሰው ቪክተር ከተባለው የሸክላ ኩባንያ መቅጃ መሣሪያ ይዞ መጣና እዚያ ፎቅ ላይ ሰፈረ። ባለቤቱና ሁለት ቴክኒሻኖች አብረውት ነበሩ። በእነዚያ ጥቂት ቀናት 19 ቡድኖችና ግለሰቦች 76 ቅጂዎች አስቀዱ። የአሜሪካ ኮንግረስ በ1998 ብሪስቶልን የካንትሪ፣ ማለትም የአሜሪካ ገጠር ሙዚቃ፣ የትውልድ ቦታ ብሎ የሰየማት በዚሁ ነው።

ሰውየው ምን ሊፈልግ መጣ? አጭሩ መልስ፦ ብር። የዛሬው ንግግሬም እዚህ ላይ ነው የሚያጠነጥነው። አማርኛችን "አተረፈ" ሲል ሁለት ነገር ይላል። ነጋዴ ያተርፋል፤ ከሞት የሚያድንም ሰው ያተርፋል። እነዚህ ሰዎች በመጀመሪያው ሊያተርፉ መጥተው በሁለተኛው አተረፉልን። ሁሉንም ግን አይደለም።

ትንሽ ወደ ኋላ ልመለስ። በኦገስት 1920 ማሚ ስሚዝ የምትባል ጥቁር ዘፋኝ ኒው ዮርክ ውስጥ ኦኬ ለተባለ ኩባንያ ብሉዝ የሚባለውን የጥቁር አሜሪካውያን ዘፈን አስቀዳች። ከዚያ በፊት ብሉዝ በሸክላ ያስቀዳ ጥቁር ዘፋኝ አልነበረም። ሸክላው እንደ ጉድ ተሸጠ። ነጋዴዎቹ ያኔ ነው የነቁት፤ ለካ ጥቁሮችም ገንዘብ አውጥተው የራሳቸውን ሙዚቃ ይገዛሉ! በ1923 ደግሞ ያው ራልፍ ፒር፣ ያኔ ለኦኬ ይሠራ ነበር፣ አትላንታ ወረደ። አንድ የቤት ዕቃ ነጋዴ ጆን ካርሰን የሚባለውን፣ ፊድል ማለትም ቫዮሊን የሚጫወት አዛውንት ቅዳልኝ ብሎ ነዘነዘው። ፒር የሰውየው ዘፈን ለጆሮው አልጣመውም። 500 ሸክላ ብቻ አሳተመና ለነጋዴው ላከለት። ወዲያው አለቀ። ሰውየው ሌላ ላክ አለ። ካንትሪ የሚባለው ገበያ የተከፈተው እንዲህ ነው፣ ሙዚቃውን ባልወደደው ሰው እጅ።

የቤት ዕቃ ነጋዴ ምን አገባው ትሉ ይሆናል። የሸክላ ማጫወቻ በዚያ ዘመን የሳሎን ዕቃ ነበር፣ እንደ ቡፌ። የሚሸጠውም ከአልጋና ከወንበር ጎን ነበር። ማጫወቻውን የገዛ ሰው ሸክላ ካላገኘ ሣጥኑ ምን ይሠራለታል? ፓራማውንት የሚባለውን የሸክላ ስም የብሉዝ ወዳጆች በአክብሮት ነው የሚጠሩት። ብላይንድ ሌመን ጀፈርሰን፣ ቻርሊ ፓተን፣ ስኪፕ ጄምስ፣ እነዚህን የመሰሉ ሰዎች የተቀዱት ለእሱ ነው። ባለቤቱ ማን ነበር? ዊስኮንሲን ያለ የወንበር ፋብሪካ! ቀልድ አይደለም። ሸክላቸው ርካሽ፣ ጥራቱም የወረደ ነበር። ዛሬ ስትሰሙት ከዘፋኙ ድምፅ እኩል የሚንሸዋሸው እንደ ቆሎ ምጣድ የሆነ ድምፅ ከዚያ ነው የመጣው። ኩባንያው በኢኮኖሚው ድቀት ጊዜ ሲዘጋ የብረት ማተሚያዎቹ ለቁራሌው ሄዱ።

ወደ ኮፍያ ፋብሪካው እንመለስ። እዚያ ክፍል ውስጥ ልግባና ላሳያችሁ።

ግድግዳው በብርድ ልብስ ተሸፍኗል፣ ድምፅ እንዳያስተጋባ። መሀል ላይ ማይክሮፎን ቆሟል። ማይክሮፎን ያኔ ብርቅ ነበር፤ እስከ 1925 ድረስ ዘፋኙ ትልቅ መለከት ውስጥ ነበር የሚጮኸው። አሁን ለስለስ አድርጎ የሚዘፍንም ሰው ዕድል አገኘ። ድምፁ የሚቀረጸው ወፍራም የሰም ሰሌዳ ላይ ነው። ሰሌዳውን የሚያሽከረክረው በገመድ የተንጠለጠለ ክብደት ነው፣ እንደ ድሮ የግድግዳ ሰዓት ቀስ እያለ ወደ ታች ይወርዳል። የሚገኘው ጊዜ ወደ 3 ደቂቃ ነው። ሰሙን መልሶ ማጫወት ያበላሸዋል። ስለዚህ አብዛኛው ሰው የራሱን ድምፅ የሚሰማው ከወራት በኋላ፣ ሸክላው ሱቅ ሲደርስ ነው።

መጀመሪያ ላይ የመጣው ሰው ጥቂት ነበር። ፒር የአካባቢውን ጋዜጣ ሰው ጠርቶ አስጎበኘ። ጋዜጣውም ኧርነስት ስቶንማን የተባለው የአካባቢው ዘፋኝ ባለፈው ዓመት ከሸክላ 3,600 ዶላር እንዳገኘ ጻፈ። በቃ! ስልኩ ሥራ በዛበት። ከየተራራው ባንጆና ጊታር ያንጠለጠለ ሁሉ ወረደ። ብር ሲጠራ እኛም እንዲሁ ነን።

ከወረዱት መካከል ሜሲስ ስፕሪንግስ ከምትባል የቨርጂኒያ ገጠር የመጡ ሦስት ሰዎች ነበሩ። ኤ.ፒ. ካርተር፣ ሚስቱ ሳራ፣ እና የወንድሙ ሚስት ሜይቤል። ሜይቤል የ18 ዓመት ልጅ ናት፤ የስምንት ወር ገደማ እርጉዝ ናት። በኦገስት ሙቀት፣ በዚያ መንገድ! ሳራ የሚጠባ ልጇን ይዛለች። የ8 ዓመቷ ግላዲስ ሕፃኑን ልትይዝ አብራ መጥታለች። እናቷ ፎቅ ላይ ሆና ስትዘፍን፣ ግላዲስ ውጪ ሆና ወንድሟን በአይስክሬም ታባብለው እንደነበር ይወራል። እኔ ይህን ሙዚቃ በሰማሁ ቁጥር የምትታወሰኝ ያቺ ልጅ ናት። ሸክላው ላይ ስሟ የለም።

የሜይቤልን አመታት ክራር የምትመቱ ሰዎች ልብ ብላችሁ ስሙት። በአውራ ጣቷ ዜማውን ወፍራሞቹ ክሮች ላይ ታወጣለች፣ በሌሎቹ ጣቶቿ ቀጭኖቹን ትጠርጋለች። አንድ ጊታር ሁለት ሆኖ ይሰማል። ከእሷ በኋላ ጊታር የያዘ የካንትሪ ሰው ሁሉ የእሷ ዕዳ አለበት ብል አላጋነንኩም።

ሁለት ቀን ቆይቶ ጂሚ ሮጀርስ ገባ። የባቡር ሠራተኛ የነበረ፣ የሳንባ ነቀርሳ የያዘው ሰው። ከባልደረቦቹ ጋር በቡድናቸው ስም ተጣልቶ ብቻውን ቀረ፤ ብቻውን ሁለት ዘፈን አስቀዳ። ከዚያ አገር ያወቀው ሆነ። በሜይ 1933 ኒው ዮርክ ስቱዲዮ ውስጥ አልጋ ተዘርግቶለት በዘፈንና በዘፈን መሀል ጋደም እያለ አስቀዳ። ከሁለት ቀን በኋላ ሞተ። 35 ዓመቱ ነበር።

ስለ ብሩ ላውራ። ለአንድ ዘፈን 50 ዶላር ይከፈል ነበር። ለገበሬ ትልቅ ገንዘብ ነው። ከሽያጩም ጥቂት ይደርሳቸው ነበር። የዘፈኑን የባለቤትነት መብት ግን የሚይዘው ፒር ነው፤ የሀብቱም ምንጭ እሱ ሆነ። ይህን ለማድረግ ደግሞ ዘፈኑ በሌላ ሰው ስም ያልተመዘገበ መሆን አለበት። ስለዚህ ኤ.ፒ. ካርተር ያልተመዘገበ ዘፈን ፍለጋ በየቤቱ መዞር ጀመረ።

ብቻውን አልዞረም። ሌስሊ ሪድል የሚባል ጥቁር ጊታር ተጫዋች አብሮት ይሄድ ነበር፣ አንድ እግሩን በሲሚንቶ ፋብሪካ አደጋ ያጣ ሰው። ኤ.ፒ. ግጥሙን ይጽፋል፣ ሪድል ዜማውን በጭንቅላቱ ይይዛል። ቤት ሲመለሱ ለሜይቤል ያስጠናታል። ከካርተሮች ጋር ግን በአንድም ሸክላ ላይ የለም። ነጋዴዎቹ መደርደሪያውን ለሁለት ከፍለውት ነበርና። ለጥቁሮች የሚሸጠው "የዘር ሸክላ" ይባላል፤ ለገጠር ነጮች የሚሸጠው "የጥንት ዜማ" ወይም "ሂልቢሊ"። ፊድል የሚጫወቱ ጥቁሮች በደቡቡ ሞልተው ነበር። ኩባንያዎቹ ግን ከጥቁር ብሉዝ፣ ከነጭ ፊድል ነበር የሚፈልጉት። እዚያው ብሪስቶል ከተቀዱት መካከል ጥቁሩ ኤል ዋትሰን የሚባል የአርሞኒካ ተጫዋች ብቻ ነበር። ደስ የሚለው፣ ከነጮቹ ጆንሰን ወንድማማቾች ጋር አንዱ ለሌላው አጅቧል። ክፍሉ ውስጥ አብረው ተጫወቱ፣ ሱቁ ውስጥ ተለያዩ።

ሌላም የተቆረጠ ነገር አለ። ጭፈራ ላይ ፊድል ሌሊቱን ሲጫወት ያድራል፤ ሸክላው 3 ደቂቃ ይለዋል። መንፈሳዊውም እንዲሁ። ብሪስቶል ላይ ከኬንተኪ የመጣ የኧርነስት ፊፕስ የመዘምራን ቡድን ነበር። አትላንታ ውስጥ ከ1926 ጀምሮ ቄስ ጄ. ኤም. ጌትስ ከምእመናኑ ጋር ስብከት በሸክላ ያስቀዳ ነበር፣ በደንብም ይሸጥ ነበር። ሦስት ደቂቃ ስብከት! በእኛ ቤት ሰላምታውም አያልቅ።

እኛስ? ተሰማ እሸቴ በርሊን ሄዶ ድምፁን በሸክላ ያስቀዳው በ1908 ነው። ማሚ ስሚዝ ስቱዲዮ ከመግባቷ 12 ዓመት በፊት። በኋላም ነጋድራስ ተብሎ መጠራቱን ሳስብ፣ ሸክላና ንግድ ምን ያህል እንደተጣበቁ ይገርመኛል። አዲስ አበባም ቢሆን በ1969 የአገር ፍቅር ማኅበርን የሸክላ ሞኖፖል ደፍሮ የሰበረው አምሃ እሸቴ የሙዚቃ ሱቅ ባለቤት ነበር። ገበያውን የሚያውቀው ባለ ሱቁ ነው፤ አትላንታም፣ አዲስ አበባም።

አንድ ሰው ልጨምርና ልቀመጥ። ጆን ኸርት ይባላል። ሚሲሲፒ ውስጥ አቫሎን በምትባል ትንሽ መንደር የሚኖር ገበሬ ነበር። በ1928 ኦኬ መጀመሪያ ሜምፊስ፣ ከዚያ ኒው ዮርክ ወስዶ ቀዳው። ሸክላው ብዙ አልሄደም። ድቀቱ መጣ፣ ነጋዴዎቹ ረሱት። ሰውየውም ወደ እርሻው ተመለሰ፤ ለ35 ዓመት ያህል ከመንደሩ ሰው ሌላ የሚያውቀው አልነበረም።

ኒው ዮርክ ሳለ ግን አገሩ ናፍቆት አንድ ዘፈን ቀድቶ ነበር። በዘፈኑ ውስጥ አቫሎን የትውልድ ቀዬዬ ናት ይላል። በ1963 ቶም ሆስኪንስ የሚባል የዋሽንግተን አካባቢ ወጣት ያን ሸክላ ሰማ። ካርታ ፈለገ፣ አቫሎንን አገኘ፣ መኪናውን አስነሥቶ ሄደ። ሽማግሌው እዚያው ነበር። ዋሽንግተን ዲሲ መጣ፣ ኖረ፣ በዚሁ እኛ በየቀኑ በምናልፍበት በኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ዘፈኖቹን ቀዳ። በዚያው ዓመት ኒውፖርት በሚባለው የሙዚቃ ፌስቲቫል ላይ ለብዙ ሺህ ሰው ተጫወተ። በ1966 አረፈ።

የዚያን ዘፈን ዋናውን ሸክላ መግዛት የእኔ ኪስ አይችልም። ከስልኬ ነው የማሰማችሁ። የአገሩን ስም ሲጠራ ልብ ብላችሁ ስሙት። ልጆች፣ እስቲ ስፒከሩን አብሩልኝ።