ከጣሪያው ላይ የነበረው ካሜራማን

ጤና ይስጥልኝ ወዳጆቼ። ዛሬ እንግዳ የለኝም፣ ብቻዬን ነኝ። ወሬው የአዋቂዎች ስለሆነ ልጆች አጠገባችሁ ካሉ ማዳመጫችሁን አድርጉ። ዓመቶቹን በፈረንጆቹ ነው የምጠራው።

ሂዴዮ ኢቶ የሚባል ጃፓናዊ ካሜራማን አለ። ስሙን የሚያነሳ ሰው ብዙም አላጋጠመኝም።

ጃፓን ውስጥ ከ1962 ጀምሮ «ፒንክ» የሚሉት የወሲብ ፊልም ነበር። ትንንሽ ድርጅቶች ናቸው በትንሽ ገንዘብ፣ በጥቂት ቀናት የሚቀርጹት። የእርቃን ትዕይንቱ በሰዓቱ ይግባ እንጂ ቀሪውን ዳይሬክተሩ እንደፈቀደው ይሰራዋል። ዳይሬክተር ኮጂ ዋካማትሱ በዚህች ቀዳዳ ፖለቲካና ንዴት አስገባ። ካሜራውን የያዘለት ኢቶ ነበር። በ1965 የሰሩት አንዱ ፊልም በርሊን ፌስቲቫል ገባና አገራቸው ውስጥ «ውርደት ነው» ተባለ።

እኔን ግን የያዘኝ የ1969ኙ ፊልማቸው፣ «Go, Go Second Time Virgin» ነው። ከሞላ ጎደል ሁሉም ነገር የሚሆነው አንድ ፎቅ ጣሪያ ላይ ነው። ሲሚንቶ፣ አጥር፣ ሰማይ፣ ሁለት ወጣቶች። በቃ! ኢቶ ያቺን ባዶ ቦታ አንዴ እስር ቤት፣ አንዴ ሜዳ ያስመስላታል። ያኔ የቀለም ፊልም ውድ ስለነበር ሌሎች ፒንኮች ጥቁርና ነጭ ሆነው ይቆዩና እርቃን ሲመጣ ቀለም ይሆናሉ። እዚህ ግን ደምና ሬሳም በቀለም ይመጣል። ተመልካቹ የጠበቀው ሌላ፣ ያገኘው ሌላ። ሴቶች ላይ የሚፈጸመው ጭካኔ ግን ይከብደኛል፤ «ጥበብ ነው» ብዬ አላልፈውም።

ከዚያ 1976 መጣ። ሌላው ዳይሬክተር ናጊሳ ኦሺማ በፈረንሳይ ገንዘብ እውነተኛ ወሲብ ያለበት ፊልም፣ «In the Realm of the Senses»ን፣ ሊሰራ ተነሳ። ዋካማትሱም በፕሮዳክሽኑ ገባበት፤ ካሜራው ላይ ማን ቆመ? ኢቶ። የጃፓን ሕግ ስለማይፈቅድ የተቀረጸው ፊልም ሳይታጠብ ወደ ፈረንሳይ ይላክ ነበር። በነገራችን ላይ ኦሺማ በኋላ የተከሰሰው ስክሪፕቱና ፎቶዎቹ በታተሙበት መጽሐፍ ነው። በ1982 ነጻ ወጣ።

ሰዎች የዚያን ፊልም ውበት ለኦሺማ ብቻ ይሰጡታል። ያ ቀይ ቀለም፣ ያቺ ጠባብ ክፍል፣ ከገላ ፊት የማይሸሽ ካሜራ ከየት መጣ ታዲያ? በእኔ እምነት ያ ሁሉ የተለማመደው በርካሾቹ ፊልሞች ላይ ነው። ሁለቱንም የማየት ሐሳብ ካላችሁ ከጣሪያው ጀምሩ።