ሰዓቱን በድብቅ የጠገኑት ሰዎች

[ምስል፦ የፓሪስ ጣሪያዎች በምሽት። ከሁሉም በላይ የፓንቴዮን ጉልላት ይታያል።]

ዘመኑ 2006 ነው። በዚህ ቪዲዮ የምጠራቸው ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው። ፓሪስ ውስጥ፣ የፓንቴዮን ኃላፊ ጋ ሰዎች መጡ። የመጡበት ጉዳይ አጭር ነው። ቆሞ የነበረው ሰዓታችሁ ተጠግኗል፣ የጠገንነውም እኛ ነን፣ ከእንግዲህ እየሞላችሁ ተጠቀሙበት።

ኃላፊው ቀልድ መሰላቸው። ሰዎቹ ወደ ሰዓቱ ወሰዷቸው። ይሠራል። ከዚያ ደግሞ ወደ ጉልላቱ ሥር አወጧቸው። እዚያ እሳቸው የሚያስተዳድሩት ሕንፃ ውስጥ፣ እሳቸው የማያውቁት ሙሉ የጥገና ክፍል አለ። ሰዎቹ በኋላ እንደተናገሩት ኃላፊው በረጅሙ ተንፍሰው ቁጭ አሉ።

[ምስል፦ የፓንቴዮን ዓምዶች፣ ከዚያ የመቃብር ክፍሉ።]

ፓንቴዮን ተራ ቤት አይደለም። ፈረንሳይ ታላላቅ ሰዎቿን የምታሳርፍበት ነው። ቮልቴር፣ ሩሶ፣ ቪክቶር ሁጎ፣ ማሪ ኩሪ እዚያ ናቸው። ከጊዜ ጋርም የቆየ ዝምድና አለው። በ1851 ሊዮን ፉኮ የተባለ ሳይንቲስት ከጉልላቱ ላይ 67 ሜትር ሽቦ አውርዶ፣ ጫፉ ላይ 28 ኪሎ የሚመዝን ኳስ አንጠለጠለ። ኳሱ ወዲያ ወዲህ ሲል የሚወዛወዝበት መስመር ቀስ በቀስ ይዞር ነበር። ሰው ቆሞ አየ። ምድር ከእግሩ ሥር ስትሽከረከር በዓይኑ አየ ማለት ነው።

የዛሬው ሰዓታችን የተሠራው ከዚያ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ በ1850፣ በዋግነር የሰዓት ሥራ ቤት ነው። ታዲያ ይህ ሰዓት በ1960ዎቹ ቆመ። ቆሞም ቀረ። ወደ 40 ዓመት ገደማ!

እንዴት ዝም ተባለ ትሉኝ ይሆናል። እኔ ብዙም አይገርመኝም። አያቴ ቤት ሳሎን ውስጥ አንድ የግድግዳ ሰዓት ነበር። ለዘጠኝ ሩብ ጉዳይ ላይ እንደቆመ ነው ልጆች ሆነን ያደግነው። አቧራው ይጠረግለታል፣ ለበዓል መስታወቱ ይወለወላል። ስንት ሰዓት ሆነ ብሎ ቀና የሚልበት ግን አልነበረም። የቆመ ነገር ትንሽ ከከረመ የቤት ዕቃ ይሆናል።

[ምስል፦ የድሮ ትልቅ ሰዓት ውስጡ ተከፍቶ፣ መዘውሮቹ በቅርበት።]

ወደ ሰዎቹ እንመለስ። ስማቸው ኡንተርጉንተር ነው። ዩኤክስ የሚባል ትልቅ ስውር ማኅበር አንዱ ክንፍ ናቸው። ይህ ማኅበር ከፓሪስ መሬት በታች ያለውን ዋሻና መተላለፊያ እንደ ሰፈሩ ያውቀዋል። በ2004 ፖሊስ ከኤፍል ማማ ፊት ለፊት ባለው ሰፈር ሥር አንድ ዋሻ ውስጥ ሲገባ ሲኒማ ቤት አገኘ። ስክሪኑ፣ መቀመጫው፣ መጠጥ ቤቱ ሳይቀር ተሟልቷል። ፖሊሶቹ ሌላ ቀን ሲመለሱ መብራቱ ተቆርጧል፣ አንድ ወረቀት መሬት ላይ ቀርቷል። አትፈልጉን ይላል።

የኡንተርጉንተር ሥራ ግን ሌላ ነው። መንግሥት የረሳውን ቅርስ ማንንም ሳያስፈቅዱ ይጠግናሉ። ፓንቴዮን ውስጥ የገቡት በመስከረም 2005 ነው። አንድ ማታ ሕንፃው ሲዘጋ ውስጥ ቀሩ። የጎን በር አገኙ። ቁልፉን መክፈት ከመካከላቸው ሰዓት ሠሪ ላለበት ቡድን ችግር አልነበረም። የከበዳቸው ጣውላውን ተሸክሞ እስከ ጉልላቱ ሥር መውጣት ነበር። በጣውላው ወንበርና ጠረጴዛ ሠሩ፣ መብራት ሳቡ፣ ኮምፒውተርና ኢንተርኔት አስገቡ። ወደ አንድ ዓመት ያህል ሲወጡ ሲገቡ ጥበቃው አላያቸውም።

ሥራውን የመራው ዣን ባቲስት ቪዮ ነው። ብሬጌ በተባለው ታዋቂ የሰዓት ድርጅት የድሮ ሰዓት ሲያድስ የኖረ ባለሙያ ነው። የቸኮሉበት ምክንያት ዝገቱ ነበር። ትንሽ ቢቆይ የሚጠገን ነገር አይኖርም፣ ሰዓቱን እንደ አዲስ መሥራት ይሆናል። ያ ደግሞ ለእነሱ ጥገና አይደለም።

እዚህ ላይ ስለ አንዲት መዘውር ልንገራችሁ። እንዲህ ያለ ትልቅ ሰዓት የሚሄደው ወደ ታች በሚጎትት ክብደት ነው። ክብደቱ ባለ ጥርስ መዘውሮቹን ያዞራል። ዝም ብሎ ቢለቀቅ ሁሉም በአንዴ ተሽከርክሮ ያልቃል። ስለዚህ አንዲት መዘውር ከሚወዛወዘው ፔንዱለም ጋር ትገናኛለች። ፔንዱለሙ አንዴ ሲወዛወዝ አንድ ጥርስ ብቻ ታልፋለች። ያዝ፣ ልቀቅ። ያዝ፣ ልቀቅ። ቀጭ ቀጭ የምንለው ድምፅ ይህ ነው። ያለዚያች መዘውር ሰዓት የለም።

ቪዮና ጓደኞቹ ሲፈቱት የተበላሸችው እሷ ናት። እነሱ እንደሚሉት ያረጀች ሳትሆን በብረት የተመታች ነበረች። በየሳምንቱ ወጥቶ ሰዓቱን መሙላት የሰለቸው የዱሮ ሠራተኛ ሳያደርገው አይቀርም ብለው ያምናሉ።

ሥራው ሲያልቅ ተከራከሩ። እንናገር ወይስ ዝም እንበል? ዝም ካሉ የሚሞላው የለም፣ ሰዓቱ ተመልሶ ይቆማል። ምስጢራቸውን ያወጡት ለዚህ ብቻ ነው። ለእኔ ከታሪኩ ሁሉ ትልቁ ቦታ ይህ ነው። አንድ ዓመት ሙሉ ተደብቆ የሠራ ሰው፣ ሰዓቱ እንዳይቆም ብሎ ራሱን አጋለጠ።

[ምስል፦ የፍርድ ቤት በር።]

ምስጋናው ክስ ሆነ። አራቱ ፍርድ ቤት ቀረቡ፣ በኅዳር 2007 በነፃ ተለቀቁ። ያን ቀን የሰሙት ኃላፊም ሥልጣናቸውን አጡ። ሰዓቱ ደግሞ ወደነበረበት እንዲመለስ ተፈለገ፣ ማለትም እንዲቆም። ለዚህ ሥራ ሌላ ሰዓት ሠሪ ተቀጠረ።

ሰውዬው መጣ፣ አየው። የሚሠራ ሰዓት ለማበላሸት ግን እጁ አልታዘዘለትም። ያቺን መዘውር ብቻ ከቦታዋ አላቆ ተወው።

ብዙም ሳይቆይ የኡንተርጉንተር ሰዎች በለመዱት መንገድ ገቡ። ሌላ ነገር አልነኩም። መዘውሯን ይዘው ወጡ፣ ሰዓቱ እንዲሄድ የሚፈልግ ኃላፊ እስኪመጣ ድረስ በአደራ ሊያስቀምጧት።