ክሩን ማን አየው?

እሺ ወገኖች፣ ከኋላ ድምፄ ይሰማል? አሪፍ። አዘጋጆቹ ስለ አዳዲስ ካሜራዎች አውራልን ብለውኝ ነበር፣ እሱን ዩቲዩብ ላይ ታገኙታላችሁ፤ እኔ ዛሬ ላወራችሁ የመጣሁት ስለ አንድ እንግሊዛዊ ዲኦፒ ነው፣ ማለት የፊልሙን ካሜራና መብራት የሚመራው ሰው፣ ጆን ሪድ ይባላል። እኔ ራሴ ስንት ዓመት ካሜራ ተሸክሜ ስሙን የሰማሁት በቅርቡ ነው፣ ስለዚህ አታውቁትም ብላችሁ እንዳታፍሩ።

ዓመቶቹን በፈረንጅ ነው የምጠራው። ጌሪ አንደርሰንና አርተር ፕሮቪስ በ1957 ኤፒ ፊልምስ የሚባል ትንሽ ድርጅት ይከፍታሉ፣ ሥራው የአሻንጉሊት ፊልም ለቴሌቪዥን። በኋላ ከለንደን ወጣ ብላ ያለች ስላው የምትባል ከተማ ገቡ፣ ፋብሪካ ሰፈር ውስጥ። እዛ ነው ሱፐርካር በ1961፣ ፋየርቦል ኤክስኤል 5 በ1962፣ ስቲንግሬይ በ1964፣ ተንደርበርድስ ደግሞ በ1965 የወጡት፣ ሁሉም ሳይንስ ፊክሽን ናቸው፣ የሁሉም ዲኦፒ ደግሞ ጆን ሪድ ነው።

የልጆች ነገር ነው ብላችሁ እንዳትስቁ። እስቲ ቀለበት ክሎዝአፕ ስታነሱ የሚመጣባችሁን ጣጣ አስቡት። ሌንሱ ሲጠጋ ፎከሱ ይሳሳል፣ ቀለበቱ ሲጠራ ጣቱ ይደበዝዛል አይደል? የተንደርበርድስ አሻንጉሊት ቁመቱ 56 ሴንቲ ገደማ ነው፣ ቤቱም መኪናውም በሱ ልክ የተሠራ፣ እና ከኋላ ያለው ዕቃ ከደበዘዘ ተመልካቹ ምክንያቱን ባያውቀውም ዓይኑ "ይሄ ትንሽ ነገር ነው" ብሎ ይነግረዋል፣ አለቀ፣ ጨዋታው ፈረሰ። ስለዚህ ከፊት እስከ ኋላ ሁሉም መጥራት አለበት፣ ለዛ አፐርቸሩን፣ ማለት ሌንሱ ውስጥ ያለውን የብርሃን ቀዳዳ፣ ታጠባለህ፣ አፐርቸሩ ሲጠብ ይጨልማል ስለዚህ መብራት ትጨምራለህ፣ መብራት ስትጨምር ደግሞ ክሩ ብልጭ ይላል!

ክር ስላችሁ አሻንጉሊቱ የሚንጠለጠልበት ስስ የብረት ሽቦ ነው። አሻንጉሊቱን የሚያንቀሳቅሱት ሰዎች ከላይ ድልድይ ነገር ላይ ቆመው ነው የሚሠሩት፣ የሚያዩት አናቱን ብቻ ነው፣ ፊቱ ወዴት እንደዞረ በምን ያውቃሉ? ለዚህ ብለው ፊልም ካሜራው ላይ ትንሽ የቲቪ ካሜራ ገጠሙለትና ሾቱን በሞኒተር ማየት ጀመሩ። ዛሬ ሞኒተር ከሌለ አልቀርፅም የምትሉ ልጆች፣ እነዚህ ሰዎች ገና ያኔ ነበራቸው። ሽቦውን ደግሞ ከጀርባው ባለው ቀለም ይቀቡታል፣ ግድግዳው ሰማያዊ ከሆነ ሽቦውም ሰማያዊ፣ ካሜራው ቦታ በቀየረ ቁጥር ጀርባው ስለሚቀየር እንደገና። እኔ በበኩሌ ሁለተኛው ቀን ላይ ሥራውን ጥዬ የምጠፋ ይመስለኛል።

መራመድ የሚባል ነገር ደሞ አሻንጉሊቶቹ አይችሉበትም፣ እና ብዙውን ጊዜ ከወገብ በላይ ይነሳሉ፣ ካልሆነም የሚንሳፈፍ ወንበር ላይ ያስቀምጧቸዋል፣ ቁልፍ ሲጫን በቅርበት የምናየው እጅ ደግሞ የእውነት የሰው እጅ ነው። ፍንዳታውና ሮኬቱ የጆን ሪድ አይደለም፣ ዴሪክ ሜዲንግስ የሚመራው ሌላ ቡድን ነበር የሚሠራው፣ እነሱ በሰከንድ እስከ 120 ፍሬም (ምስል) ይቀርፁና በኖርማል ፍጥነት ያሳዩታል፣ እንቅስቃሴው ዝግ ይላል፣ የእጅ መዳፍ የምታክል መኪና ገደል ስትገባ ክብደት ያላት የምትመስለው ለዛ ነው።

አሁን ወደምወደው ነገር ልምጣ። ከስቲንግሬይ ጀምሮ በከለር ነው የቀረፁት፣ አሜሪካ እንሸጠዋለን ብለው። እንግሊዝ ውስጥ ግን ፊልሞቹን የሚያሳየው አይቲቪ የሚባለው ጣቢያ በከለር ማስተላለፍ የጀመረው በኖቬምበር 1969 ነው። በቃ ያ ሁሉ ቀይ መብራት፣ ያ ሁሉ አረንጓዴና ሰማያዊ፣ አገሩ ላይ ያሉ ልጆች ያዩት በጥቁርና ነጭ ነው፣ ያውም ምስሏ ከ405 መስመር ብቻ በሚሠራ ድብዝዝ ቲቪ! አሜሪካም ቢሆን ተንደርበርድስን የሚገዛ ትልቅ ኔትወርክ ጠፋ፣ በ32 ክፍል ቆመ።

ታዲያ ለማን ነበር እንዲህ የሚለፋው? አንድ ደንበኛ በቀደም "በስልክ ነው የሚታየው፣ ለላይት ምን ያስከፍለኛል" ሲለኝ ጆን ሪድ ነው ትዝ ያለኝ። ፊልሙ 35 ሚሊሜትር ነው፣ ቲቪው ያላሳየውን ሁሉ ይዞት ቆይቷል። ዛሬ በኤችዲ ሲያወጡት ያ ቀለም እንዳለ ወጣ፣ የፊት ጥላው፣ የኮክፒቱ መብራት፣ ሁሉም። ሽቦውም አብሮ ወጣ እንጂ፣ እሱም አልቀረም።

በሉ መብራቱን አጥፉልኝና አንድ ሁለት ደቂቃ እንይ። ሽቦ ያየ ሰው እጁን ያውጣ፣ ግን ከማውጣቱ በፊት ጥላው በየትኛው ጉንጭ ላይ እንደወደቀ ይንገረኝ።