ኑሚነስ ወይስ ልክፍት?

እሺ... እየቀዳ ነው? እየቀዳ ነው። እንዴት ከረማችሁ። ዛሬ እንግዳ የለም፤ ብቻዬን ነኝ። ብቻዬን ስል ከዶሮው ጋር ማለቴ ነው። ለፋሲካ ይታረዳል ብላችሁ ተስፋ ያደረጋችሁ ሁሉ፣ አልታረደም። ጎረቤቶቼ ሌላ ዶሮ ገዝተው አረዱ። እሱ አለ። ይጮሃል። ቻሉት።

የዛሬው ወሬዬ ስለ አንድ የእንግሊዝኛ ቅጽል ነው። አትሳቁ። «ደግሞ ሰዋስው ጀመረች» የምትሉ አላችሁ፣ አውቃችኋለሁ። ነገሩ ግን ቃሉ አይደለም። ማለቴ... ቃሉም ነው። ቃሉ አንድ ነገር ቀሰቀሰብኝና ያ ነገር አልተኛም አለኝ።

ቃሉ ኑሚነስ ነው።

እንዴት መጣ መሰላችሁ። አንድ የሐይቅ ዳር ማረፊያ የእንግሊዝኛ ብሮሹሩን እንዳርምለት ሰጠኝ። ስሙን አልጠራም፤ ገንዘቤን ገና አልከፈለኝም። ሳነብ፣ የጀንበር መጥለቂያው ኑሚነስ ነው ይላል። እሺ፣ ይሁን። ገጹን ስገልጥ የመዋኛ ገንዳውም ኑሚነስ ነው። ቁርሱ ላይ ስደርስ ፈራሁ። ባለቤቱ ጋ ደወልኩና «ይቺ ቃል ለገንዳ አትሆንም» አልኩት። «የፊደል ስህተት ነዋ! ሉሚነስ በያት። ማታ ማታ መብራት አለው» አለኝ።

በአንድ ፊደል ከመንፈስ ወደ አምፖል። ስልኩን ዘግቼ ብቻዬን ሳቅኩ።

ሉሚነስ የሚያበራ ነው። ኑሚነስ ከሱ ጋር ዝምድና የላትም። ሥሯ ኑመን የሚባል የላቲን ቃል ነው። የጥንት ሮማውያን የአምላክን ፈቃድና ኃይል እንዲያ ይሉት ነበር። በአንድ ደን፣ በአንድ ምንጭ ያለውን ኃይልም ጭምር። የቃሉ መነሻ ራስን ነቅነቅ ማድረግ ነው። አምላክ ራሱን ነቀነቀ፣ ነገሩ ሆነ። እንግሊዝኛ ውስጥ በ17ኛው ክፍለ ዘመን ገብታ ብዙም ሰው ሳያነሳት ኖረች። አሁን መዝገበ ቃላት ብትገልጡ ሦስት ያህል ፍቺ ታገኛላችሁ። ከተፈጥሮ በላይ የሆነ፣ ምስጢራዊ፤ አንድ። የመለኮት መኖር የሚሰማበት፣ ቅዱስ፤ ሁለት። ሦስተኛው ለስለስ ያለ ነው፤ ውበቱ ልብን ከፍ የሚያደርግ። ብሮሹር ጸሐፊዎች በሦስተኛው በር ነው የሚገቡት። በዚያ በር ገንዳም ይገባል።

ደግሞ ልብ በሉ፣ መንፈሱ ራሱ ኑሚነስ አይባልም። ቦታው ነው የሚባለው። ዝምታው፣ ዜማው፣ ደኑ። እገሌ የሚባል መንፈስ ታየ ማለት አይደለም። ማንም አልታየም። ግን ባዶ አይደለም።

የእኔ አክስት ይህን ብትሰማ «ታዲያ ምኑ ነው አዲሱ?» ነው የምትለው። ቡና ስታፈላ ለአድባሯ ጠብ ሳታደርግ አትቀዳም። ቤተ ክርስቲያንም አትቀርም። ሁለቱን እንዴት እንደምታስታርቃቸው ጠይቄያት «አንቺ ቡናሽን ጠጪ» አለችኝ።

ምን ልል ነበር... አዎ፣ ጀርመናዊው።

ሩዶልፍ ኦቶ ይባላል። የነገረ መለኮት ሰው ነው። በፈረንጆቹ 1917 ቅድስና ምን እንደሆነ የሚመረምር መጽሐፍ ጻፈ። በ1923 ወደ እንግሊዝኛ ሲተረጎም ያቺ አቧራ የጠጣች ቅጽል ሥራ አገኘች። ሰውዬው የሚለው፣ ቅዱስ የሚለውን ቃል ጨዋ፣ ምግባረ መልካም አድርገነዋል ነው። እስቲ ምግባሩን ቀንሱለት። ሕጉንም ቀንሱለት። ያኔ የሚቀር ነገር አለ ይላል። የሚያርድ፣ የሚያንቀጠቅጥ ነገር። እያራደ ደግሞ የሚስብ። ለዚያ ለቀረው ነገር ነው ስሙን ከኑመን ያወጣለት።

ደስ የሚለኝ ግን መጽሐፉ አይደለም። በ1911 ሞሮኮ ሄዶ ነበር። ያኔ ሞጋዶር የምትባል፣ አሁን ኤሳዊራ የሚሏት የባሕር ዳርቻ ከተማ። በሰንበት አንዲት የአይሁድ ምኩራብ ገባ። እዚያ ቁጭ ብሎ ሳለ ድንገት «ቅዱስ፣ ቅዱስ፣ ቅዱስ» የሚለውን ሰማ። በዕብራይስጥ፤ ቃዶሽ፣ ቃዶሽ፣ ቃዶሽ። ሮም በቅዱስ ጴጥሮስም፣ ሞስኮ በክሬምሊንም ሰምቶት ያውቃል። የትም ይሁን፣ በየትኛውም ቋንቋ ይሁን፣ ያ ነገር ያርደኛል ብሎ ጽፏል።

እኛ በየቅዳሴው የምንሰማው ነገር! እኔ እንደውም እዚያ ጋ ሲደርሱ አብዛኛውን ጊዜ ስለ ምሳ ነው የማስበው። ይቅር ይበለኝ።

እንግዲህ ወደ ክብራን።

የማታውቁ ካላችሁ፣ ክብራን ገብርኤል ከባሕር ዳር በጀልባ ብዙም የማትርቅ ደሴት ናት። ገዳሙ የ14ኛው ክፍለ ዘመን ነው። ሴት አይገባም። እኔ ለሁለት እንግዶች አስተርጓሚ ሆኜ ነው የሄድኩት፤ ሁለቱም ወንዶች። የአክስቴም ልጅ ተከትሎናል፣ ምሳ ካለ የማይቀር ሰው ስለሆነ። ካፒቴን ሞተሩን አጠፋ። ወንዶቹ ወረዱ። የአክስቴ ልጅ ዞር ብሎ «አይዞሽ፣ ፎቶ አነሣልሻለሁ» አለኝ። ውኃ ውስጥ ልገፈትረው ነበር። ሽቅብ ወጡ። ዛፉ ዋጣቸው።

ቀረን፤ እኔና ካፒቴን።

ካፒቴንን ታውቁታላችሁ። ስለ አርሴናል ከጀመረ ዘጌ ደርሶ እስኪመለስ አያባራም። መንገዱን ሁሉ ስለ አንድ ፍጹም ቅጣት ምት ነበር የሚያወራው። ሞተሩ ሲጠፋ እሱም ጠፋ። ቀጥ ያለ ቀትር ነው። ነፋስ የለም። ጀልባዋ ከድንጋዩ ጋር እየተነካካች «ጡቅ» ትላለች። ትቆያለች። ደግሞ «ጡቅ» ትላለች። እኔ ተናድጃለሁ። ስልኬን አወጣሁ፤ ኔትወርክ የለም። መልሼ ከተትኩት።

ከዚያ ከላይ የድንጋይ ደወል ተመታ። ለምን እንደተመታ አላውቅም። ድምፁ እንደ ብረት አይጮህም፤ ደረቅ ነው። ሲያቆም ወፎቹም አብረው አቆሙ። ወይም እኔ መስማት አቆምኩ። እዚህ ጋ ነው የሚያቅተኝ። ክንዴን አየሁት፤ ጠጉሬ ቆሟል። ብርድ የለም። ፍርሃት ነበር እንዳልል፣ ፍርሃትን አውቀዋለሁ።

ሲ. ኤስ. ልዊስ የሚባለው ብሪታኒያዊ ደራሲ በ1940 የጻፈው ነገር አለ። ከጎናችሁ ባለው ክፍል ውስጥ ነብር አለ ቢሏችሁ ትፈራላችሁ። መንፈስ አለ ቢሏችሁም ትፈራላችሁ፤ ፍርሃቱ ግን ሌላ ዓይነት ነው። መንፈስ ምን ያደርገኛል ብላችሁ አይደለም። መንፈስ በመሆኑ ብቻ ነው። አንድ ኃያል መንፈስ አለ ቢሏችሁ ደግሞ ሦስተኛ ነገር ይመጣል፤ ራሳችሁ ታንሱባችኋላችሁ። እኛ ነብሩን ትተን ጉማሬ እናድርገው። ደንገሉ ውስጥ ጉማሬ አለ ቢሉኝ ኖሮ «ካፒቴን፣ ሞተሩን!» ብዬ እጮህ ነበር። አልጮህኩም። መሸሽ አልፈለግኩም። እንደውም መጠጋት ነበር የፈለግኩት። መጠጋት ደግሞ አይቻልም።

ካፒቴንን ዞር ብዬ አየሁት። ጎንበስ ብሎ ጫማውን እያወለቀ ነው። ያቺን የላስቲክ ጫማ፣ አንዷን ማሰሪያ በሽቦ የጠገናትን። ሁለቱንም አወለቀና ጎን ለጎን ከመቀመጫው ሥር አስገባቸው። አልወረወራቸውም። አስተካክሎ አስቀመጣቸው። ከዚያ ባዶ እግሩን እንጨቱ ላይ አሳረፈ። ተረከዙ የተሰነጣጠቀ ነው። ጣቱ ላይ ቤንዚን ነው መሰለኝ፣ ጥቁር ነገር አለ።

«ምነው?» አልኩት። በሹክሹክታ። ለምን በሹክሹክታ? ማን ይሰማናል?

«ደጁ አይደል እንዴ» አለኝ።

በቃ። ሌላ ምንም አላለም። ደጁ። እኔ ከደጅ ውጭ ተጣልኩ ብዬ ተናድጄ ተቀምጫለሁ። እሱ ደጅ ላይ ደርሻለሁ ብሎ ጫማውን ያወልቃል። ጀልባዋ አንድ ናት።

እኔም ጎንበስ አልኩ። የግራ ጫማዬን ፈታሁ። ቀኙን ልፈታ ስል የአክስቴ ልጅ «ኧረ ሥዕሉ!» እያለ ሲወርድ ተሰማ። ወፎቹ ጮኹ። ካፒቴን ጫማውን አጠለቀ። ሞተሩን አስነሣና ቅጣት ምቱን ካቆመበት ቀጠለ። እውነቴን ነው። ካቆመበት። እኔ አንድ እግሬን ባዶዬን አድርጌ ባሕር ዳር ገባሁ።

ማታ ለእናቴ ነገርኳት። መንገር አልነበረብኝም። «ስንት ሰዓት ላይ?» አለችኝ። ስድስት ተኩል ገደማ። «ውኃ ላይ? በቀትር?» ማንኪያውን አስቀመጠች። «ሽቶ ተቀብተሽ ነበር?» ትንሽ። «ባዶ ሆድሽን ነበርሽ?» ጾም ነዋ እማዬ። በቃ፣ ለሷ ፋይሉ ተዘጋ። ልክፍት ነው። በነጋታው ጠበል ካልሄድሽ ተባለ። ስለ ኦቶ ላስረዳት ሞከርኩ። «የት አገር ሰው ነው?» አለች። ጀርመን። «እሱም ጠበል ቢሄድ ይሻለው ነበር።»

ሳቅኩ። ግን ቆይቼ ሳስበው እናቴና ኦቶ ብዙም አልተራራቁም። ሁለቱም «የሆነ ነገር ነበር» ነው የሚሉት። «ምንም አልነበረም፤ ርቦሽ ነው፣ ፀሐይ መትቶሽ ነው» የምለው እኔ ብቻ ነኝ። ርቦኝ ደግሞ ነበር። ፀሐይም መትቶኛል።

እሺ፣ አሁን የሚያናድደኝ ጋ ደረስኩ።

የሚያርድና የሚስብ፣ ሁለቱ ባንድ ላይ፣ ይላል ሰውዬው። የተከለከለ ነገርስ? የተከለከለ ነገርም እኮ እንደዚያው ነው። አትግቢ ስትባይ ዓይንሽ እዚያው ይቀራል። ታዲያ ያ የተሰማኝ ነገር ከደሴቲቱ ነው ወይስ ከመከልከሌ? እንደ ወንዶቹ ሽቅብ ወጥቼ፣ ጫማዬን በር ላይ አውልቄ፣ ሥዕሉን አይቼ ብወርድ ኖሮ ይመጣ ነበር? የአክስቴን ልጅ ጠየቅኩት። «ውስጥ ስትገባ ምን ተሰማህ?» አልኩት። አሰበ። ጥሩ ልጅ ነው፣ አሰበ። «ደረጃው ገደለኝ» አለ።

እሱ ገብቶ ደረጃ። እኔ ቀርቼ... ያ።

እና ምን ልበል? መከልከሌን ላመስግን? አላመሰግንም! ይሄን የምለው ሰው ሁሉ ሊቆጣኝ እንደሚችል አውቃለሁ። ሥርዓቱ የቆየ ነው፣ መነኮሳቱም የራሳቸው ምክንያት አላቸው፣ እኔ ልሽረው አልመጣሁም። ግን «ቅድስናው የሚሰማሽ ውጭ ስለቀረሽ ነው» የሚለኝ ሰው ቢመጣ እጣላዋለሁ። ደግሞ ያ ሰው ትክክል ቢሆንስ? እሱን ነው የፈራሁት። ያ ሁሉ የጠጉር መቆም ኩርፊያ ብቻ ቢሆንስ?

ግን ካፒቴን አልተከለከለም። ወንድ ነው፣ መግባት ይችላል። ሳይገባ ጫማውን አወለቀ። ስለዚህ ከመከልከል አይደለም... ወይም ለሱ አይደለም። ለኔ ሊሆን ይችላል። አያችሁ፣ እዚህ ጋ እዞራለሁ።

ዶሮው! ሰማችሁት? እሱ ኑሚነስ አይደለም። እሱን በርግጠኝነት እነግራችኋለሁ።

ከክብራን አጠገብ እንጦስ ኢየሱስ አለች። ድሮ የሴቶች ገዳም ነበረች። እዚያ እኔም እገባለሁ። ለካፒቴን «ውሰደኝ» ብዬዋለሁ፣ ቅዳሜ እችላለሁ ብሎኛል። ሁለት ደሴት፣ አንድ ሐይቅ፣ አንድ ቀትር፤ ልዩነቱ የኔ መግባት ብቻ። እዚያም ከመጣ፣ እሺ፣ ከቦታው ነው እላለሁ። ካልመጣ... ካልመጣ ምንም ማለት አይደለም እኮ፤ ሌላ ቦታ ነው፣ ሌላ ቀን ነው። በልቼ እሄዳለሁ ወይስ ሳልበላ? ሽቶስ? እናቴ ከሰማች ራሷ ትመጣለች፣ ጠበል በጀሪካን ይዛ። ደግሞ ይህን ሁሉ እያሰላሁ ሄጄ እንዴት ይመጣል? ቅዳሜ ገበያም አለብኝ፤ በርበሬው አልቋል። ለካፒቴን ልደውልና በሌላ ሳምንት እናድርገው ልለው ነው መሰለኝ። ወይም... አላውቅም፣ ልሂድ እንዴ?