ካፓብላንካን ያሸነፈው የፑንጃብ ሰው

[ምስል፦ የ1930ዎቹ የቼዝ አዳራሽ፣ ጥቁርና ነጭ]

ጊዜው የ1930 መጨረሻ፣ የፈረንጆች ገና ሰሞን ነው። ዓመቶቹን ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው የምነግራችሁ። ቦታው ሄስቲንግስ፣ እንግሊዝ ውስጥ ያለች የባሕር ዳር ከተማ። በሰሌዳው አንድ ወገን ኩባዊው ሆሴ ራውል ካፓብላንካ ተቀምጧል። ከ1921 እስከ 1927 የዓለም ሻምፒዮን የነበረ፣ እሱን ማሸነፍ እንደ ተአምር የሚቆጠር ሰው። ከፊቱ ደግሞ ጥምጣም ያሰረ፣ እንግሊዝኛ እምብዛም የማይችል የፑንጃብ ሰው አለ።

ጨዋታው 65 እርምጃ ፈጀ። እጁን የሰጠው ካፓብላንካ ነው።

የአሸናፊው ስም ሱልጣን ኻን ይባላል። ስለ እሱ ሲወራ ብዙ ጊዜ የምትሰሙት «ማንበብ የማይችለው አገልጋይ የቼዝ ጌቶችን አሸነፈ» የሚል ታሪክ ነው። ሲሰሙት ደስ ይላል። እኔ ግን ይህ አተራረክ ብዙም አይመቸኝም። የሰውየውን ችሎታ ከሰማይ ዱብ ያለ ነገር ያስመስለዋል። እስቲ ከሥሩ እንየው።

ሱልጣን ኻን የተወለደው በ1903 አካባቢ ነው፤ ሚታ ቲዋና በምትባል፣ ዛሬ በፓኪስታን ፑንጃብ ውስጥ ባለች መንደር። ቼዝ ያስተማረው አባቱ ነው። ያስተማረው ቼዝ ግን ዛሬ እኛ ስልካችን ላይ የምንጫወተው አይደለም፤ የሕንድ ቼዝ ነው።

[ምስል፦ ሰሌዳ፤ ወታደሮች አንድ አንድ ቤት እየገፉ]

በዚያ ጨዋታ ወታደር ሲነሣ ሁለት ቤት መዝለል አይችልም፤ ሁሌም አንድ ብቻ። ንጉሡንና ግንቡን በአንድ እርምጃ ማዘዋወር የሚባል ነገርም የለም። በምትኩ ንጉሡ አንድ ጊዜ ብቻ እንደ ፈረስ መዝለል ይፈቀድለታል። ሰሌዳው ጫፍ የደረሰ ወታደርም እንዳሻው ንግሥት አይሆንም፤ የሚሆነው በደረሰበት ቤት መጀመሪያ ላይ የነበረውን ጠጠር ነው። የእኛ የጥንቱ ሰንጠረዥም ለዚህ ዘመድ ነው። እዚህም ወታደሩ አንድ ቤት ብቻ ይሄዳል። እንዲያውም እኛ ዘንድ የመጀመሪያው ጠጠር እስኪበላ ድረስ ተራ የሚባል ነገር የለም፤ ሁለቱም በየፊናቸው ይደረድራሉ፤ ወረራ ይባላል።

ይህን የነገርኳችሁ ያለምክንያት አይደለም። እንዲህ ያለ ጨዋታ አነሣሡ ቀርፋፋ ነው። አከፋፈት፣ ማለትም የጨዋታውን የመጀመሪያ እርምጃዎች፣ በቃል መሸምደድ ብዙ አይጠቅምም። የሚጠቅመው ትዕግሥት፣ ቦታ መያዝና ጠጠሮቹ ተመናምነው ሲቀሩ መጨረሻውን ማወቅ ነው። ሱልጣን ኻን አውሮፓ ሲገባ ይዞት የገባው ይህን ነው። በአከፋፈት ደካማ ነበር፤ መሐል ላይና መጨረሻ ላይ ግን አስፈሪ።

የወሰደው ሰር ዑመር ሐያት ኻን የሚባል የፑንጃብ ባለርስት ነው። ቼዝ የሚወድ ሀብታም ነበር፤ ወጣቱን ቤቱ አስገብቶ ደመወዝ ቆረጠለትና የአውሮፓን ሕግ እንዲማር አደረገው። ሱልጣን ኻን በ1928 የመላው ሕንድን ውድድር አንድም ሳይሸነፍ አሸነፈ። በ1929 ሰር ዑመር ወደ ለንደን ሲያቀና እሱንም ይዞት ሄደ።

የመጀመሪያው ልምምድ ውድድር ላይ መጨረሻ አካባቢ ነው የወጣው። እንግሊዛውያን ተጫዋቾች ትንሽ አከፋፈት አሳዩት። በዚያው በጋ ራምስጌት ላይ የብሪታንያ ሻምፒዮን ሆነ! ሕንድ ቅኝ ግዛት ስለነበረች የመወዳደር መብት ነበረው። በ1932 እና በ1933 ዋንጫውን ደገመው፣ ሠለሰው።

አሁን ወደ ካፓብላንካ እንመለስ፤ የእኔ ተወዳጅ ጨዋታ ይሄ ነው።

[ምስል፦ ሰሌዳ፤ ነጭ አምስተኛ እርምጃ]

አምስተኛው እርምጃ ላይ ሱልጣን ኻን ዳር ያለውን ወታደር አንድ ቤት ብቻ ገፋ አደረገ። ያኔ ትርጉም የለሽ ይመስል ነበር። ከዓመታት በኋላ ግን ይህ አከፋፈት በሌላ የዓለም ሻምፒዮን፣ በፔትሮሲያን ስም ተጠራ። ንጉሡንም ከግንቡ ጋር አላዘዋወረም፤ መሐል ላይ እንዳለ ተወው፤ ልክ እንደ አገሩ ጨዋታ። ካፓብላንካ ሁለት ግንቦቹን ይዞ ዘው ብሎ ገባ። ሱልጣን ኻን ንግሥቱን ሰጠና ሁለቱንም ግንቦች በላ። ከዚያ በኋላ ያለው ጭመቃ ነው። አርባ እርምጃ ያህል ቀስ እያለ፣ ሳይቸኩል፣ የካፓብላንካ ንግሥት መላወሻ እስክታጣ ድረስ።

«ዕድል ነው» የሚል ካለ፣ በ1931 መጀመሪያ ከዘመኑ ታላላቅ ተጫዋቾች አንዱን፣ ታርታኮወርን፣ በአሥራ ሁለት ጨዋታ ግጥሚያ 6.5 ለ5.5 አሸነፈ። በዚያው ዓመት ፕራግ ላይ በአገሮች የቡድን ውድድር ለእንግሊዝ በአንደኛ ሰሌዳ ተሰልፎ ሌሎቹን ታላላቆች፣ ፍሎርንና ሩቢንስታይንን፣ ረታ፤ ከዓለም ሻምፒዮኑ ከአሌክሂን ጋር አቻ ወጣ። ከ17 ጨዋታ የተሸነፈው ሁለቱን ብቻ ነው።

ብርዱ ግን አልማረውም። ወባ፣ ጉንፋን፣ የጉሮሮ ሕመም ይፈራረቁበት ነበር። አንገቱን በፋሻ ጠቅልሎ የሚጫወትበት ጊዜ ብዙ ነው።

አሜሪካዊው የቼዝ ተጫዋች ሩበን ፋይን የጻፈው አንድ ነገር አለ። በ1933 የአሜሪካ ቡድን ሰር ዑመር ቤት እራት ተጋበዘ። ምግቡን የሚያቀርብላቸው ማን ቢሆን ጥሩ ነው? ሱልጣን ኻን! ፈረንጆቹ በሀፍረት ተሸማቀቁ። ቤተሰቦቹ ግን «አገልጋይ» እና «ማይም» የሚለውን አይቀበሉም፤ ማንበብና መጻፍ ይችል ነበር፣ የራሱም መሬት ነበረው ይላሉ። ለእኔ የነሱ ቃል ሚዛን ይደፋል። ማንነቱን በሰፊው የጻፉት ቋንቋውን የማይሰሙ ሰዎች ናቸው።

የማይካደው ግን መቼ መጥቶ መቼ እንደሚሄድ ይወስን የነበረው ሌላ ሰው መሆኑ ነው። በዚያው ቤት ፋጢማ የምትባል ወጣትም ነበረች። በ1933 የብሪታንያን የሴቶች ሻምፒዮና በሰፊ ልዩነት አሸነፈች። በዚያው ዓመት መጨረሻ ሰር ዑመር ወደ ሕንድ ሲመለስ የሁለቱም የአውሮፓ ጨዋታ አብሮ አበቃ። ፋጢማ ከብዙ ዓመት በኋላ ስትናገር፣ ሱልጣን ኻን አገሩ ሲገባ ከእስር ቤት የወጣ ያህል ተሰምቶት ነበር ብላለች። እኛ «እንዴት ያለ ችሎታ ባከነ» ብለን የምንቆጭበትን መመለስ፣ እሱ እፎይ ብሎበታል ማለት ነው።

በ1935 እዚያው ሕንድ አንድ ግጥሚያ 9.5 ለ0.5 አሸነፈና ዝም አለ። መሬቱን እያረሰ ኖረ። ልጆቹን ቼዝ ለማሠልጠን ፈቃደኛ አልነበረም፤ ከዚህ የሚጠቅም ነገር ያዙ ይላቸው ነበር። በ1966 ሳርጎዳ ውስጥ አረፈ።

የዓለም ቼዝ ፌዴሬሽን፣ ፊዴ፣ የቼዝ ትልቁን ማዕረግ፣ ግራንድ ማስተርነትን፣ በይፋ መስጠት የጀመረው በ1950 ነው። በመጀመሪያው ዙር 27 ሰዎች ተሰጣቸው። ታርታኮወር አለበት። ሩቢንስታይን አለበት። ሱልጣን ኻን በሕይወት ነበር፤ ስሙ ግን የለም። የክብር ግራንድ ማስተርነቱን ፊዴ የሰጠው በ2024 ነው። የፌዴሬሽኑ ፕሬዚዳንት ፓኪስታን ድረስ ሄዶ ለአገሪቱ ጠቅላይ ሚኒስትር አስረከበ። ፓኪስታን እስከዚያ ድረስ አንድም ግራንድ ማስተር አልነበራትም።