ጥላው ነው የሳማት

እሺ... እየቀዳ ነው። ፍሪጁ ዛሬም እየጮኸ ነው፣ ኮሜንት ላይ እንዳትፅፉልኝ፣ ሰምቻለሁ።

ያቺን ፊልም ድጋሚ አየኋት። አዎ፣ ድጋሚ። የ1916ቷን ድምፅ አልባ ኮሜዲ፣ በፈረንጆቹ ማለቴ ነው፣ «ፋቲ ኤንድ ሜብል አድሪፍት» የምትባለዋን፣ ፋቲ ሆኖ የሚሰራው ሮስኮ አርባክልና ሜብል ተጋብተው ጫጉላቸውን ባህር ዳር የሚያሳልፉባትን። ባህር ዳር ስል ከተማዋን አይደለም እንግዲህ፣ ካሊፎርኒያ ነው። ሲተኙ ተቀናቃኙ ከሌቦች ጋር ሆኖ ቤታቸውን ከነነፍሳቸው ውሃ ላይ ይለቀዋል፣ ተቀናቃኝ ሆኖ የሚሰራው አል ሴንት ጆን ደሞ በእውነተኛው ህይወት የአርባክል የእህቱ ልጅ ነው፣ እና ሉክ የሚባለው ውሻ፣ እሱም የራሱ የአርባክል ውሻ፣ ዋኝቶ ሄዶ እርዳታ ያመጣል። ለኔ ከሁሉም የተዋጣለት ተዋናይ ውሻው ነው፣ በዚህ አልከራከርም።

ግን እኔን የያዘኝ ሌላ ነው። ማታ፣ ውሃው ከመምጣቱ በፊት፣ ሜብል ተኝታለች። አርባክል ያ ግዙፍ ሰውዬ ነው፣ ሲወድቅ ሲነሳ የሚያስቃችሁ፣ ፊልሙንም ዳይሬክት ያደረገው ራሱ ነው። እና አጠገቧ አይደርስም። ጥላው ግድግዳው ላይ ይመጣል፣ ቀስ ብሎ ጎንበስ ይላል፣ ይስማታል። እሱ አይደለም እኮ፣ ጥላው! ድምፅ የለ፣ ምን የለ። መልሼ መልሼ አየሁት፣ ስድስቴ ምናምን።

ላንጋኖ የሄድን ጊዜ... የጎማውን ታሪክ ስንቴ ነግሬያችኋለሁ፣ ማታውን ግን አልነገርኳችሁም። ተኮራርፈን ነበር። በረንዳ ላይ ቆይቼ ስገባ መብራቱ ከኋላዬ ነው፣ ጥላዬ አልጋው ላይ፣ እሷ ላይ ወድቆ አየሁት። ቆምኩ። ትንሽ ጎንበስ ብል እኮ... ከዛ መብራቱን አጠፋሁትና ጫፍ ላይ ተኛሁ። ነቅታ ይሁን አይሁን እስከዛሬ አልጠየቅኳትም።

አርባክል ምናልባት ፈርቶ አይደለም፣ እንዳትነቃ ብሎ ነው። ወይ ደሞ ፊልም ነው በቃ፣ ካሜራው ላይ ያምራል ብሎ ነው፣ እኔ ነኝ የማካብደው። ሰውዬው ራሱ በ1921 በአንዲት ተዋናይ ሞት ተከሶ፣ ሶስቴ ተዳኝቶ፣ በ1922 ነፃ ነህ ብለውትም ፊልሞቹን አገዱበት፣ እና ያንን እያወቅኩ ጥላውን ሳየው... አላውቅም፣ ሳቄ መሀል ላይ ይቆማል።

ትናንት ልደውልላት ብዬ ስልኩን አንስቼ ነበር። ከዛ እሷ ጋ አሁን ስንት ሰዓት ነው ብዬ ስቆጥር... ቆይ፣ ሰባት ነው ስምንት...